ሻዓራይም ቀበሌ ነው ወይስ ሰፈር?



በሬሖቮት ከተማ በሻዓራይም ሰፈር የሚኖሩ አንድ አባት አሉ። አገር ከገቡ ከሃያ ዓመት በላይ ሆኗቸዋል፤ ሰፈሩን ግን ዛሬም «ቀበሌያችን» ነው የሚሉት። የልጅ ልጆቻቸው ይስቃሉ። ነገሩ ግን የሚያስቅ ብቻ አይደለም። እኚህ አባት ኢትዮጵያ ሳሉ ሰው ሲቸገር የሚሄድበት በር አንድ ነበር። መታወቂያ ቢፈልግ፣ ከጎረቤት ቢጣላ፣ ለጉዞ ወረቀት ቢያስፈልገው የሚያንኳኳው ያንኑ በር ነው። እዚህ ከመጡ ወዲህ ያንን በር ይፈልጋሉ፤ አያገኙትም። ምክንያቱም የለም።

ብዙዎቻችን ይህን ባለማወቃችን ገንዘብ ከፍለናል፤ የሥራ ቀን አቃጥለናል፤ አንዳንዶቻችንም ሳናውቀው ባለ ዕዳ ሆነናል። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ ሻዓራይም በአስተዳደር በኩል ምን ዓይነት ቦታ እንደሆነ፣ ማን እንደሚያዝበት፣ ለየትኛውስ ጉዳይ የትኛው በር እንደሚንኳኳ ለማስረዳት እንሞክራለን።

ከስሙ እንነሳ። ሻዓራይም በዕብራይስጥ «ሁለት በሮች» ማለት ነው። በኦሪታችን ውስጥ ባለው በመጽሐፈ ኢያሱ ምዕራፍ 15 ቁጥር 36 ላይ ከይሁዳ ነገድ ከተሞች አንዷ ሆና ተጽፋለች፤ ገዴራም እዚያው ቁጥር ላይ አለች። ያ ምዕራፍ የስም ዝርዝር ብቻ ስለሚመስል ብዙ ሰው ዘሎት ያልፋል። ልብ ብሎ ላየው ግን የአስተዳደር መዝገብ ይመስላል። ከተሞቹን በየአካባቢያቸው ይዘረዝራል፤ ስንት እንደሆኑ ይደምራል፤ መንደሮቻቸውንም አብሮ ያነሳል። መንደር በከተማ ሥር፣ ከተማ በነገድ ሥር መሆኑ ነው። በነገራችን ላይ ያች የጥንቷ ሻዓራይም የሬሖቮቷ ሰፈር አይደለችም፤ በኤላ ሸለቆ አካባቢ እንደነበረች ነው የሚታሰበው። እ.ኤ.አ. ከ2007 ጀምሮ በኺርበት ቀያፋ በተደረገው ቁፋሮ ሁለት በር ያለው የከተማ ቅጥር ስለተገኘ አንዳንድ ተመራማሪዎች «ይህች ናት» ብለዋል። የሁለቱ ስም አንድ ይሁን እንጂ ቦታው ሌላ ነው።

ቀበሌ ምን ነበር?

ትልልቆቹ ያውቁታል፤ እዚህ የተወለዱት ልጆች ግን ስለማያውቁት በአጭሩ እንግለጸው።

በንጉሡ ዘመን ጎንደር የበጌምድርና ስሜን ጠቅላይ ግዛት ዋና ከተማ ነበረች። ከጠቅላይ ግዛቱ በታች አውራጃ፣ ከአውራጃ በታች ወረዳ፣ ከዚያ ምክትል ወረዳ ነበር። ወደ መንደር ሲወረድ ግን ሰው የሚያውቀው ጭቃ ሹሙን ነው። የመንግሥትን ቃል የሚያመጣው፣ ግብሩን የሚያስገባው እሱ ነበር። የእኛ ሰዎች በአብዛኛው ርስት አልነበራቸውም። የሰው መሬት እያረሱ፣ ብረት እየቀጠቀጡ፣ ሸክላ እየሠሩ ይኖሩ ነበር። መሬት የሌለው ሰው ደግሞ በመንደሩ ጉዳይ ላይ ብዙም አይጠየቅም። ይህችን ነጥብ ያዙልን፤ ወደ ሬሖቮት ስንመጣ እንመለስባታለን።

ከዚያ ደርግ መጣ። በየካቲት 1967 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ማርች 1975) የገጠር መሬት አዋጅ ታወጀ፤ መሬት የመንግሥት ሆነ፤ ቢያንስ 20 ጋሻ ወይም 800 ሄክታር በሚሆን ቦታ ላይ ያሉ ገበሬዎች አንድ የገበሬ ማኅበር እንዲያቋቁሙ ተደረገ። በዚያው ዓመት በሐምሌ ወር ደግሞ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት ተወረሰ፤ የከተማ ነዋሪዎች ማኅበርም ተቋቋመ። ሕዝቡ «ቀበሌ» ያለው ይህንን ነው። ቀበሌው ከ100 ብር በታች የሚከራዩትን ቤቶች ኪራይ ይሰበስባል፤ መታወቂያ ይሰጣል፤ በኅብረት ሱቁ ስኳርና ዘይት ያድላል፤ በፍርድ ሸንጎው ይዳኛል፤ በአብዮት ጥበቃው ያስራል። መንገደኛም የይለፍ ወረቀት የሚለምነው እዚያው ነው። አከራይ፣ ነጋዴ፣ ዳኛና ፖሊስ በአንድ ግቢ ተቀምጠው ነበር ማለት ይቻላል።

ይህ ለሰው ቅርብ ነበር፤ ዞር ብሎ የሚጠይቅበት ሌላ ቦታ ስላልነበረውም ያስፈራው ነበር። ወደ ሱዳን የሄዱ ቤተሰቦቻችን ሌሊት የተነሱት ለምን እንደሆነ ማንም አልረሳውም። ሊቀመንበሩ እንዳያውቅ ነው። ደርግ ከወደቀ በኋላም ስሙ አልጠፋም፤ በአማራ ክልል ዛሬም ከወረዳ በታች ያለው እርከን ቀበሌ ነው፤ አዲስ አበባ ላይ ግን ቀበሌዎቹ ተጠቃለው ወረዳ ተብለዋል።

ሻዓራይምን ማን አቆመው?

ሬሖቮት እ.ኤ.አ. በ1890 ስትቆረቆር ሞሻቫ ነበረች፤ ማለትም የግል መሬት ያላቸው ገበሬዎች የሚኖሩባት የእርሻ መንደር። በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ ከየመን የመጡ አይሁድ በዚያ በወይኑና በብርቱካኑ እርሻ ላይ ለመሥራት መጡ፤ ከሞሻቫዋ ጎንም ሰፈራቸውን አቆሙ። ሻዓራይም የእነሱ ነው። ማርሞሬክ የሚባለው ሌላው የሬሖቮት ሰፈርም እ.ኤ.አ. በ1930 ከኪነሬት ዳርቻ ተነስተው የመጡ የየመን ሰዎች ያቋቋሙት ነው።

በዚያን ጊዜ በሞሻቫዎች ጉዳይ የሚወስነው ቫዓድ የሚባል ኮሚቴ ነበር፤ በዚህ ላይ ድምፅ የነበራቸውም በዋናነት ባለ መሬቶቹ ናቸው። የቀን ሠራተኛው እዚያው ይኖራል፣ እዚያው ይሠራል፣ ውሳኔው ላይ ግን የለበትም። እ.ኤ.አ. በ1913 በሬሖቮት አንድ ባለ እርሻ ከወይን ቦታው ጭራሮ ሲለቅሙ ያገኛቸውን የየመን ሴቶች ደበደበ፤ ነገሩም በዘመኑ ጋዜጦች ላይ ትልቅ ቁጣ ቀሰቀሰ። አያቶቻችን በጎንደር ያዩትን የሚያስታውስ ሰው ይህ ታሪክ እንግዳ አይሆንበትም።

በእንግሊዞች ዘመን ሬሖቮት የአካባቢ ምክር ቤት አገኘች፤ እ.ኤ.አ. በ1950 ደግሞ ከተማ ተባለች። ዛሬ ወደ 150,000 የሚጠጋ ሰው ይኖርባታል፤ በቂርያት ሞሼና በሌሎችም ሰፈሮች የእኛ ማኅበረሰብ ብዙ ነው። ሻዓራይም ከእነዚህ ሰፈሮች አንዱ ነው። በዕብራይስጥ ሽኹና ይባላል። ሽኹና የራሱ ምኵራብ፣ የራሱ ሱቅ፣ የራሱ የእግር ኳስ ቡድን ሊኖረው ይችላል፤ ማካቢ ሻዓራይምን የማያውቅ የሬሖቮት ሰው የለም። በሕግ ፊት ግን የራሱ በጀት፣ የራሱ ማኅተም፣ የራሱ ሹም የለውም። ለዚህ ነው ቀበሌ ያልሆነው።

ታዲያ ሹሙ የት ነው? በእስራኤል ከመንግሥት በታች ያለው እርከን የአካባቢ ባለ ሥልጣን (ራሹት መኮሚት) ይባላል፤ በአገሪቱ ውስጥ ከ250 በላይ ናቸው። ሦስት ዓይነት አሉ። ትልቅ ከተማ ከሆነ ኢሪያ አለው፤ ይህም እኛ ማዘጋጃ ቤት የምንለው ነው። ብዙ ጊዜ የነዋሪው ቁጥር 20,000 ሲያልፍ ነው ይህ የሚሆነው፤ የሚወስነው ግን የአገር ውስጥ ሚኒስትሩ ነው። ከዚያ ያነሰው ሞዓጻ መኮሚት አለው፤ ከሬሖቮት አጠገብ ያሉት ማዝኬሬት ባትያና ቂርያት ኤቅሮን እንዲህ ናቸው። ሦስተኛው ሞዓጻ አዞሪት ነው፤ ሞሻቮችንና ኪቡጾችን አንድ ላይ ያስተዳድራል። ጊቭዓት ብሬኔር ኪቡጽ በብሬኔር ሞዓጻ አዞሪት ሥር ነው። በዚህ በሦስተኛው ዓይነት ውስጥ ብቻ እያንዳንዱ መንደር ቫዓድ መኮሚ የሚባል የራሱ ምርጥ ኮሚቴ አለው፤ ወደ ሞዓጻው የሚሄድ ተወካይም አለው። ስለዚህ በዚህ አገር ቀበሌን የሚመስል ነገር የሚፈልግ ሰው የሚያገኘው በከተማ ሰፈር ውስጥ ሳይሆን በሞሻቭ ውስጥ ነው። ትንሽ ያስገርማል፤ መቶ ሃምሳ ቤት ያለው ሞሻቭ የራሱ ኮሚቴ ሲኖረው፣ ብዙ ሺህ ሰው የሚኖርበት የከተማ ሰፈር የለውም።

የቻይና መንደር

መንደር ኮሚቴ አለው ማለት ግን ሥልጣን አለው ማለት እንዳልሆነ ለመረዳት የሩቅ አገር ምሳሌ እናንሳ። በእስራኤል ሕንፃ ሥራ ላይ የቻይና ሠራተኞችን ያላየ የለም። የእነዚያ ሰዎች አገር በመንደር ጉዳይ ከእኛ ታሪክ ጋር የሚቀራረብ ነገር አሳልፏል።

እ.ኤ.አ. በ1958 ቻይና ገበሬውን ሁሉ ኮምዩን በሚባል ድርጅት ውስጥ አስገባች። እርሻው፣ ምግቡ፣ ትምህርት ቤቱ፣ አስተዳደሩ ሁሉ በአንድ እጅ ሆነ፤ ቀበሌን ያየ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም። በ1980ዎቹ መጀመሪያ ኮምዩኖቹ ፈረሱ። በ1982 በወጣው ሕገ መንግሥት መሠረት በወረዳ ሥር ሁለት ዓይነት አስተዳደር ተተከለ፤ ለገጠር የሚሆነው ዢያንግ፣ ለትንሽ ከተማ የሚሆነው ዠን ይባላል። የመንግሥት የመጨረሻው እርከን ይኸው ነው። ከእሱ በታች ያለው መንደር በሕጉ መንግሥት አይደለም። ነዋሪው ራሱ የሚመርጠው የመንደር ኮሚቴ አለው፤ የእርሻ መሬቱም የመንደሩ የጋራ ንብረት ነው። የኮሚቴው ሕግ በሙከራ በ1987፣ ከዚያ ተሻሽሎ በ1998 ወጣ፤ የአገልግሎት ዘመኑም ሦስት ዓመት ነበር፤ በ2018 አምስት ዓመት ሆነ።

በወረቀት ላይ መንደሩ ራሱን ያስተዳድራል። በተግባር ግን ከላይ ያለው ዢያንግ ወይም ዠን ሥራ ያዘዋል፤ በመንደሩ ውስጥም ከተመረጠው ሊቀመንበር በላይ የፓርቲው ጸሐፊ አለ፤ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ሁለቱን ቦታ አንድ ሰው እንዲይዝ ይበረታታል። የገንዘቡም ነገር አለ። እ.ኤ.አ. በ2006 የእርሻ ግብር ሲቀር ገበሬው ተገላገለ፤ ታችኛው አስተዳደር ግን የራሱን ገቢ አጥቶ ከላይ የሚመጣለትን የሚጠብቅ ሆነ። ከመንደሩ ወጥቶ በትልቅ ከተማ የሚሠራ ሰውም መዝገቡ፣ ሁኮው የሚሉት፣ መንደር ከቀረ ልጁን በከተማው የመንግሥት ትምህርት ቤት ለማስገባት ብዙ ይቸገራል።

ከዚህ የምንወስደው አንድ መለኪያ ነው። አንድ አስተዳደር በእርግጥ ሥልጣን ያለው መሆኑን ለማወቅ ስሙን አትጠይቁ። ግብሩን ማን ይሰበስባል? ደመወዙን ማን ይከፍላል? ሹሙን ማን ያወርደዋል? እነዚህን ሦስቱን ይዘን ወደ ሬሖቮት እንመለስ።

ኢሪያ የሚያደርገውና የማያደርገው

ግብሩን የሚሰበስበው ኢሪያ ነው። አርኖና ይባላል፤ የሚከፈለውም በቤቱ ስፋት ነው። ይሁን እንጂ ኢሪያ እንደፈለገ አያስከፍልም፤ ዝቅተኛውንና ከፍተኛውን መጠን የሚወስነው መንግሥት ነው። በጀቱንም የአገር ውስጥ ሚኒስቴር (ሚስራድ ሃፕኒም) ያያል። አንድ ኢሪያ ሥራውን ፈጽሞ ካበላሸ ሚኒስትሩ ምክር ቤቱን አውርዶ ቫዓዳ ክሩአ የሚባል የተሾመ ኮሚቴ ሊያስቀምጥ ይችላል። ስለዚህ ኢሪያም ከላዩ ሰው አለው።

ደመወዙስ? እዚህ ላይ ነገሩ ይቀላቀላል። አንድ የልጆች መዋያ (ጋን) እንውሰድ። ሕንፃው የኢሪያ ነው። ረዳቷን (ሳያዓት) የሚቀጥረው ኢሪያ ነው። መምህሯን ግን የሚቀጥረው የትምህርት ሚኒስቴር ነው። ወለሉ ተሰንጥቆ ልጅ ቢወድቅ አቤቱታው ወደ ኢሪያ፣ ስለ መምህሯ አሠራር ከሆነ ደግሞ ወደ ሚኒስቴሩ ተቆጣጣሪ (መፋካሐት) ነው። ይህን ያላወቀች እናት በሁለቱ መካከል ስትመላለስ ትከርማለች፤ እያንዳንዱም «የእኛ ጉዳይ አይደለም» ይላታል፤ ሁለቱም እውነታቸውን ነው።

የማኅበራዊ አገልግሎቱም (ርቫሃ) እንዲሁ የተደባለቀ ነው። የማኅበራዊ ሠራተኛዋ የኢሪያ ተቀጣሪ ናት፤ ለአገልግሎቱ ከሚወጣው አንድ ሼቄል ግን በአብዛኛው 75 አጎሮት የሚመጣው ከመንግሥት ሲሆን 25 አጎሮት ኢሪያው ራሱ ይጨምራል። ይህ ለጥሩ ታስቦ የተሠራ ነው፤ ነገር ግን ድሃ የሆነ ከተማ የራሱን 25 አጎሮት ማውጣት ካቃተው የመንግሥቱም 75 አጎሮት አይመጣለትም። እኛ የምንበዛባቸው ከተሞች ሁሉ ሀብታም እንዳልሆኑ የታወቀ ነው።

ትምህርት ቤት ምዝገባ ከሁሉ በላይ ልብ ሊባል የሚገባው ይመስለኛል። የትኛው መንገድ ላይ የሚኖር ልጅ የትኛው አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት እንደሚገባ መስመሩን የሚያሰምረው ኢሪያ ነው። ከሻዓራይም አንዱ መንገድ እዚህ፣ ሌላው እዚያ ሊመደብ ይችላል። በአንድ ክፍል ውስጥ የእኛ ልጆች ብቻ ተሰብስበው የሚገኙት አንዳንዴ በዚህች መስመር ምክንያት ነው። ምዝገባው የሚካሄደው ብዙውን ጊዜ በጃንዋሪና በፌብሩዋሪ አካባቢ ነው፤ በምደባው ያልተስማማ ወላጅም ለኢሪያው የትምህርት ክፍል በጽሑፍ ይግባኝ (ዒርዑር) ማቅረብ ይችላል። ሴፕቴምበር ላይ ልጁን ይዞ ትምህርት ቤት በር ላይ መቆም ግን ዘግይቷል።

ኢሪያ የማያደርጋቸው ነገሮችስ? ተዑዳት ዘሁት አይሰጥም፤ የሚሰጠው በአገር ውስጥ ሚኒስቴር ሥር ያለው የሕዝብ ምዝገባ መሥሪያ ቤት ነው። የልጅ አበልና የእርጅና ገንዘብ የቢቱዋሕ ሌኡሚ ነው። ፖሊስ የመንግሥት ነው፤ በኢሪያ ሥር ያሉት ፓካሂም ስለ መኪና ማቆሚያና ስለ ቆሻሻ የሚቀጡት ናቸው። በአሚዳር ቤት የሚኖር ሰው ጣራው ሲያፈስ የሚነግረው ለአሚዳር ነው። ውሃም እ.ኤ.አ. በ2001 ከወጣው ሕግ ወዲህ በብዙ ከተሞች ከኢሪያ ወጥቶ ለውሃ ኩባንያ (ታጊድ ማይም) ተሰጥቷል። ስለ ውሃ አንድ ነገር እንጨምር። በዝቅተኛው ዋጋ የሚታሰበው መጠን በቤቱ ሰው ቁጥር ነው፤ ቁጥሩን ካላሳወቁ ሁለት ሰው ብቻ እንዳለ ተደርጎ ይታሰባል። ሰባት ሆነው እንደ ሁለት ሰው ተቆጥረው ዓመታት የከፈሉ ቤተሰቦች ገጥመውናል።

ከዚህ ሁሉ በታች ደግሞ ቫዓድ ባይት አለ። የሕንፃው ነዋሪዎች የሚመርጡት፣ ለመብራት፣ ለጽዳትና ለአሳንሰር በየወሩ ገንዘብ የሚሰበስብ ኮሚቴ ነው። ከተማ ውስጥ ከቤታችን ደጃፍ በጣም የሚቀርበው ምርጥ አካል ይህ ነው። በ1969 የመሬት ሕግ የቆመ ስለሆነ «እኔ አልመረጥኩትም» ብሎ ክፍያውን መተው አይቻልም። ጠብ ከተነሳም የሚዳኘው የመሬት ምዝገባ ተቆጣጣሪው (መፋካሕ) ነው እንጂ ኢሪያ አይደለም። ሽማግሌ ማስገባት ግን ማንም አልከለከለንም፤ ብዙ ጊዜም ይቀላል።

የአድራሻ ለውጥና የአርኖና ዕዳ

አንድ ዘመዴ በአንድ ከተማ ተከራይቶ ይኖር ነበር። ወደ ሌላ ሰፈር ሲዛወር ዕቃውን ጭኖ፣ ቁልፉን ለባለቤቱ መልሶ፣ ጎረቤት ተሰናብቶ ሄደ። ወደ አገር ውስጥ ሚኒስቴርም ሄዶ አድራሻውን አስለወጠ፤ ሰፌሑ ላይ አዲሱ አድራሻ ተጻፈለት። «ሁሉንም ጨርሻለሁ» አለ። በቀበሌ ቢሆን እውነቱን ነው፤ መታወቂያህን ከለወጥክ ቀበሌው ያውቀዋል። ከሁለት ዓመት በኋላ የቀድሞው ቤት የአርኖና ዕዳ ከነወለዱ መጣበት። ቤቱ ውስጥ ሌላ ሰው ነበር፤ ወረቀቱ ላይ ግን ስሙ አልተነሳም።

ነገሩ እንዲህ ነው። አድራሻን በአገር ውስጥ ሚኒስቴር መለወጥ አንድ ሥራ ነው፤ ሕጉም ከተዛወሩ በኋላ በ30 ቀን ውስጥ እንዲደረግ ያዝዛል። ለኢሪያው የአርኖና ክፍል «ቤቱን ለቅቄያለሁ» ብሎ ማሳወቅ ሌላ ሥራ ነው። ከእንግሊዞች ዘመን፣ ከ1934 ጀምሮ የመጣው የኢሪያዎች ሕግ ቤቱን የለቀቀ ሰው በጽሑፍ እስኪያሳውቅ ድረስ ተጠያቂ ያደርገዋል። በቃል ለጸሐፊዋ መንገር አይበቃም፤ እጅ መጨበጥም አይበቃም። በደብዳቤ ወይም በኢሪያው ድረ ገጽ ላይ ባለው ቅጽ ማድረግና የተቀበሉበትን ማስረጃ ማስቀመጥ ያስፈልጋል።

ቅናሹም እንዲሁ በጽሑፍ ነው። አዲስ ኦሌ በኦሌነት ከተመዘገበበት ቀን ጀምሮ ባሉት 24 ወራት ውስጥ ለ12 ወር፣ እስከ 100 ካሬ ሜትር ድረስ እስከ 90 በመቶ ቅናሽ ሊያገኝ ይችላል። ልጆቿን ብቻዋን የምታሳድግ እናት እስከ 20 በመቶ ይደርሳታል። ገቢያቸው ዝቅተኛ የሆኑና የእርጅና ገንዘብ ከነተጨማሪው የሚቀበሉም የራሳቸው ቅናሽ አላቸው። ነገር ግን ያልጠየቀ አይሰጠውም ብሎ መነሳት ይሻላል። የቤቱ ስፋት ተሳስቶ ተጽፎብኛል፣ ወይም ቤቱ የእኔ አይደለም የሚል ሰው ደግሞ ደብዳቤው ከደረሰው በ90 ቀን ውስጥ ለአርኖና ኃላፊው (መናሄል አርኖና) ተቃውሞ (ሃሳጋ) ያቅርብ። ኃላፊው በ60 ቀን ውስጥ ካልመለሰ ተቃውሞው እንደተቀበለው ይቆጠራል።

ለቆሻሻ፣ ለተሰበረ መንገድ፣ ለጠፋ የመንገድ መብራት 106 መደወል ይቻላል፤ በሌሎች ከተሞችም ቁጥሩ ይኸው ነው። ሲደውሉ የአቤቱታውን ቁጥር (ሚስፓር ፕኒያ) ይጠይቁና ይጻፉት። ቁጥር የሌለው አቤቱታ እንዳልተነገረ ነው።

ሹሙን ማን ያወርደዋል?

ከሦስቱ ጥያቄዎች የቀረችው ይህች ናት። የቀበሌ ሊቀመንበርን ማን ማውረድ እንደሚችል ሁላችንም እናውቅ ነበር፤ እኛ አልነበርንም። የሬሖቮትን ከንቲባ (ሮሽ ሃዒር) የሚያወርደው ግን ነዋሪው ነው። እ.ኤ.አ. ከ1978 ምርጫ ጀምሮ ከንቲባውን የሚመርጠው ሕዝቡ በቀጥታ ነው፤ ከዚያ በፊት የምክር ቤቱ አባላት ነበሩ የሚመርጡት። መራጩ ሁለት ወረቀት ይጥላል፤ ቢጫው ለከንቲባ፣ ነጩ ለምክር ቤት ዝርዝር ነው። 40 በመቶ ድምፅ ያገኘ ከንቲባ የሌለ እንደሆነ ከፍተኛ ድምፅ ያገኙት ሁለቱ እንደገና ይወዳደራሉ። ምርጫው በየአምስት ዓመቱ ነው፤ በኦክቶበር 2023 ሊደረግ የነበረው በጦርነቱ ምክንያት ተላልፎ በፌብሩዋሪ 27 ቀን 2024 ተደርጓል።

ከክኔሴት ምርጫ የሚለይበትን ነገር ብዙ ሰው አያውቀውም። በኢሪያ ምርጫ ድምፅ ለመስጠት 17 ዓመት ይበቃል። ዜግነት ያላገኘ፣ ነገር ግን ቋሚ ነዋሪነት (ቶሻቭ ቀቫዕ) ያለው ሰውም ይመርጣል፤ ለምክር ቤትም መወዳደር ይችላል፤ ከንቲባ ለመሆን ግን ዜግነት ያስፈልጋል። ስለዚህ የክኔሴት ምርጫ ቀን ቤት የሚቀር ዘመድ በኢሪያ ምርጫ ቀን እንደማንኛውም ሰው እኩል አንድ ድምፅ ሊኖረው ይችላል።

ነጩ ወረቀት ከቢጫው ያነሰ አይደለም፤ እኔን ከጠየቃችሁኝ ለሰፈር ጉዳይ ይበልጣል። ሻዓራይም እንደ ሞሻቭ የራሱ የተመደበ ወንበር የለውም። ምክር ቤቱ የሚመረጠው ከተማው በሙሉ እንደ አንድ ሆኖ ነው፤ ስለዚህ አንድ ሰፈር ሰው ሊያስገባ የሚችለው ወይ ራሱ ዝርዝር አውጥቶ፣ ወይ በሌላ ዝርዝር ውስጥ ከላይ ባለ ቦታ ሰው አስቀምጦ ነው። «ከእኛም አንድ ሰው አለ» ሲሉን ስንተኛ ቁጥር ላይ እንደሆነ እንጠይቅ። አምስት ወንበር የሚጠብቅ ዝርዝር ውስጥ አሥራ አንደኛ ሆኖ የተጻፈ ሰው ፎቶው ነው የተመረጠው።

ድምፅ የሚሰጠው ደግሞ በመዝገብ ባለው አድራሻ ነው። ከሻዓራይም ወደ ሌላ ከተማ ሄዶ አድራሻውን ያልለወጠ ልጅ የሚመርጠው የሬሖቮትን ከንቲባ ነው፤ ልጆቹን የሚያስተምርበትን ከተማ ከንቲባ ሌሎች ይመርጡለታል።

ምርጫ በሌለበት ጊዜም የምክር ቤቱ ስብሰባ ለሕዝብ ክፍት ነው፤ ገብቶ መቀመጥና ማዳመጥ ይቻላል፤ ቃለ ጉባኤውም ይታተማል። መግቢያ ላይ የይለፍ ወረቀት የሚጠይቅ የለም።